ዋስ ይጠራልኝ ያሉት ሸክላ ሠሪ

እትዬ አንጓች ማረፋቸውን የሰማሁት ወረታ መናኸሪያ አጠገብ የባጃጄን ጎማ እያስነፋሁ ሳለ ነው። የደወለችው ልጃቸው ስንዱ ነበረች። «እማ አረፈች» አለችኝ። እውነቱን ለመናገር መጀመሪያ የመጣብኝ እንባ አልነበረም። መጀመሪያ የመጣብኝ «አፈሩስ?» የሚለው ነው። ስንዱም እሱኑ ታስብ ኖሮ፣ ስልኩን ሳትዘጋ ትንሽ ቆይታ «አሁን እኮ ያርሱታል» አለችኝ።

ሰው በሞተ ሰዓት ስለ ጭቃ ማሰብ ነውር ይመስላል። እትዬ አንጓችን የሚያውቅ ግን አይፈርድብንም።

ቁሐር ሚካኤል ክረምት ሲገባ ሜዳው ሁሉ ውኃ ይተኛበታል። ውኃው ሲሸሽ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ወደ ታች፣ ከእርሻው ዳር፣ ሁለት የሠርግ ዳስ የምታህል ቁራጭ መሬት ትገለጣለች። ላይዋ ሣር ነው። አንድ ክንድ ያህል ሲቆፍሯት ግን ጥቁር፣ ልስልስ ያለ አፈር ይወጣል። የእትዬ አንጓች እናት፣ የእናታቸውም እናት ሸክላ የሠሩት ከእሷ እያወጡ ነው። በቤተሰቡ እንደሚወራው የጥንት ሰዎቻቸው ወደዚህ የመጡት ከጎንደር በኩል፣ ግብር የሚያበላ አንድ ጌታ ተከትለው ነው፤ ለጠላውና ለጠጁ ጋን የሚሠራለት ሰው ያስፈልገው ነበር። በኋላ ጌታው ሄደ፣ ግብሩም ቀረ፣ ሸክላ ሠሪዎቹ ግን እዚያው ቀሩ። የሚያርሱት መሬት የሰጣቸው አልነበረም። የተተወላቸው ማንም የማይፈልገው ያ ረግረግ ዳር ብቻ ነው።

ይህ እንግዲህ ሩዝ ሳይመጣ በፊት ነው። ሩዝ ከመጣ ወዲህ ፎገራ ላይ ውኃ የሚተኛበት ቦታ ሁሉ ዓይን የሚጣልበት ሆነ።

እኔ ከደሴ የመጣሁ ሰው ነኝ። ከእትዬ አንጓች ጋር ያገናኘን የሌሎች ባጃጅ ነጂዎች እምቢታ ነው። በአንድ የገበያ ቀን ማለዳ፣ ወደ ቁሐር በሚወስደው መገንጠያ ላይ እንስራና ድስት ደርድረው ቆመው ነበር። ከፊቴ የነበሩት ሁሉ እያዩዋቸው አለፉ። እኔ ለአገሩ አዲስ ስለሆንኩ ቆምኩ። ዕቃውን አንድ በአንድ በሩዝ ገለባ እየጠቀጠቁ ሲጭኑ ትዕግሥቴ አለቀ፤ ሲፈጥረኝ ችኩል ነኝ። ትልቁን እንስራ ጭናቸው ላይ አቅፈው ተቀመጡና፣ ሞተሩን ሳስነሳ፣

«ቀስ እያልክ ንዳ ልጄ። የጫንከው ሰው አይዶለም። ሰው ቢሰበር ወጌሻ አለው» አሉኝ።

እኔ ሳቅሁ። እሳቸው አልሳቁም። መንገዱን ሙሉ፣ ጉድጓድ በመጣ ቁጥር ትንፋሻቸውን ይይዙ ነበር፤ እኔም ሳላውቀው አብሬ መያዝ ጀመርኩ። ከዚያ ወዲያ ለዓመታት አብረን ተመላለስን። እሳቸውን ጭኜ ስነዳ እስኪበቃኝ የተነፈስኩበት ቀን ግን ትዝ አይለኝም።

ረጅም፣ ቀጭን፣ አንገታቸውን ወደ አንድ ወገን ዘንበል የሚያደርጉ ሴት ነበሩ። አንገታቸው የዘመመው ከልማድ ነው። ሸክላ ሲገለብጡ በመሐል ጣታቸው መገጣጠሚያ ኳ አድርገው፣ ጆሯቸውን አስጠግተው ያዳምጣሉ። ደህና ከሆነ ዝም ይላሉ፤ ንቃቃት ካለው ከንፈራቸውን ይመጥጣሉ። ይህን የሚያደርጉት ሸክላ ላይ ብቻ አልነበረም። አንድ ቀን የባጃጄን ጎን ኳ ኳ አድርገው አዳመጡና ከንፈራቸውን መጠጡ። ምን ሰሙ ብላቸው፣ «ይሄስ በእግዜር ነው የቆመ» አሉኝ። ተናድጄ እስከ ወረታ አላናገርኳቸውም።

በተዋወቅን ሰሞን አንዲት ትንሽ ገንቦ ሊሰጡኝ አመጡልኝ። እጄን ዘረጋሁ። እሳቸው ገንቦዋን መሬት ላይ አስቀምጠው ወደ ኋላ ፈቀቅ አሉና «አንሳት» አሉኝ። ለውሻ እንደሚወረወር አድርገው የሰጡኝ መስሎኝ በጣም ቅር አለኝ። ነገሩ የገባኝ ገበያ ውስጥ ሲሸጡ ካየሁ በኋላ ነው። ሰው ከእጃቸው አይቀበልም ነበር። ዕቃውን መሬት ያኖራሉ፣ ገዢው ከመሬት ያነሳል። የልጅ ልጃቸው የሚሆን ጎረምሳ ሳይቀር «አንቺ» ነው የሚላቸው። እኔ «እርስዎ» ስላቸው ዘወር ብለው ከኋላቸው ሌላ ሰው መኖሩን ያዩ ነበር፤ በቀልድ መሆኑ የገባኝ ቆይቶ ነው።

የምበላበት ምግብ ቤት ባለቤት ደግሞ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነገረኝ። ሸክላ ሠሪዎቹ ቡዳ ናቸው፣ ዓይናቸው ሰው ይበላል፣ ከእነሱ ጋር ማዕድ አትቅረብ አለኝ። ይህን ሲነግረኝ ከእሳቸው ድስት የወጣ ሽሮ እያቀረበልኝ ነበር።

አንድ ጊዜ አራስ ልጅ የታቀፈች ሴት ከመንገድ ጫንኩ። እትዬ አንጓች ወዲያው ፊታቸውን ወደ ውጭ አዙረው ነጠላቸውን እስከ አገጫቸው ሳቡት። ሴትዮዋ እስክትወርድ እንደዚያው ተሸፍነው ሄዱ። ምነው ብዬ ስጠይቃቸው፣ ልጁ ነገ ቢያስለው ዛሬ አንጓች አይታው ነበር እንዳይሉ ነው አሉኝ፤ የነገ ዝናብ እንደሚነግሩኝ ያለ አነጋገር ነበር። እኔ ግን ተቃጠልኩ። ሰው በገዛ ዓይኑ ማየት የሚፈራበት አገር ምን ዓይነት አገር ነው ብዬ ጮህኩ። «ጉድጓዱን እያየህ ንዳ» አሉኝ።

ነገሩ የመጣው በአንድ ግንቦት ነው። ግንቦት ላይ፣ ዝናብ ሳይገባ፣ የቁሐር ሸክላ ሠሪ ሴቶች የክረምቱን አፈር አውጥተው ቤታቸው ያከማቻሉ። እትዬ አንጓች ዶማና ቅርጫታቸውን ይዘው ሲወርዱ ቦታዋ ታርሳለች። ዙሪያዋን ደግሞ ውኃ የሚያቁር የጭቃ ግድብ ተሠርቷል፤ ሩዝ ሊዘራባት ነው። ያረሳት ከጎን እርሻ ያለው አቶ ምኒችል ነበር።

ምኒችል ክፉ ሰው ነው ብዬ ብጽፍ ደስ ይለኝ ነበር። አይደለም። ሠራተኛ ነው፣ የታመመ ጠያቂ ነው፣ ሚስቱን ትዋብን የሚያከብር ሰው ነው። ችግሩ መሬቱ እዚያ ደርሶ ይቆማል፤ ቀጥሎ ደግሞ ባለቤት የሌላት የምትመስል ቁራጭ አለች። አገሩ ሲለካ ውኃ ውስጥ ስለነበረች በማንም ስም አልወጣችም። «ያባቴ ናት» አለ። ምናልባት ደጋግሞ ሲለው ለራሱም እውነት መስሎት ይሆናል።

እትዬ አንጓች ፍርድ ቤት አድርሰኝ አሉኝ፤ አደረስኳቸው። ፍርድ ቤቱም በአገር ሽማግሌ ጨርሱ ብሎ መለሳቸው። እስኪወሰን ማንም እንዳይነካት ተባለ። ያ ማለት ምኒችል አይዘራም፣ ሴቶቹም አይቆፍሩም ማለት ነው።

በዚያ ወቅት የሆነውን አልረሳም። አፈር ስለጠፋ ወደ ዋንዛዬ አቅጣጫ ሄደው ከአንድ ገደል ሥር ሌላ አፈር አመጡ። እንደ ወትሮው ጠጠሩንና ሥሩን ለቀሙ፣ የአሮጌ ሸክላ ስባሪ ወቅጠው ቀላቀሉ፣ በእግራቸው አቦኩት። ጋኑን ከታች ወደ ላይ በእጃቸው እያዞሩ አቆሙት፤ ከእናታቸው በወረሱት የጉማራ ወንዝ ጠጠር ገላውን አሹት። ጥላ ውስጥ ደረቀ። ሲያዩት ምንም አይወጣለትም ነበር። እሳት በሚገባበት ቀን እኔም ከወረታ ወፍጮ ቤት የሩዝ ገለባ በማዳበሪያ ከረጢት ሞልቼ አመጣሁላቸው። ሩዙን ይረግማሉ፣ ገለባውን ግን ኩበት ላይ ጨምረው ያነዱታል፤ እሳቱን ረጋ ያደርገዋል ይላሉ።

ክምሩ ከተለኮሰ በኋላ ከእሳቱ ራቅ ብለው ተቀመጡ። እህልም አልቀመሱም። ስንዱና ሌሎቹ ሴቶችም አጠገባቸው ተቀመጡ። ፀሐዩ አናት ይበሳል። ድንገት ከክምሩ ውስጥ ጧ አለ። እትዬ አንጓች ቀና እንኳ ሳይሉ «ሄደ» አሉ። ትንሽ ቆይቶ ሌላ ጧ አለ። «ሄደ።» ከዚያ በላይ በላዩ ሆነ፤ እሳቸውም መናገሩን ተዉት። አመዱ ሲገለጥ ደህና የወጡት ሁለት ድስቶች ብቻ ነበሩ። የወር ልፋት እንዲያ ሆነ። ስንዱ ማልቀስ ስትጀምር እናቷ ስባሪውን እየሰበሰቡ፣ «ያች አፈር ከሄደች እኛም የለን» አሏት። ስለ እንጀራቸው ብቻ የሚያወሩ አልመሰለኝም። እናትና አያታቸው የሠሩት፣ እሳቸው የሚሠሩት፣ ስንዱ የምትሠራው ሁሉ ከዚያች ጉድጓድ የወጣ ነው።

ጥቅምት ላይ ሽማግሌዎቹ ከቤተ ክርስቲያኑ ግንብ ሥር ተቀመጡ። የሚመሯቸው ቄስ አዱኛ ናቸው። ምኒችል ያባቴ ናት አለ። እትዬ አንጓች እናቴም አያቴም የቆፈሯት ናት አሉ። ምስክር ተጠየቀ። ሸክላ ሠሪ ለሸክላ ሠሪ አይመሰክርም ተባለ። ሌላው ጎረቤት መሬት መሬት እያየ አላውቅም፣ አላስተዋልኩም አለ። ሽማግሌዎቹ ተመካክረው ፈረዱ፤ በኅዳር ሚካኤል ዕለት ምኒችል በቤተ ክርስቲያኑ በር ላይ ይማልና ይውሰድ።

በአገሩ ከዚህ የከበደ ነገር የለም። በሐሰት የማለ ሰው ዓመት አይሞላውም፣ ከራሱ ቢያልፍ ከልጁ፣ ከልጁ ቢያልፍ ከከብቱ አያልፍም ተብሎ ይታመናል። ስለዚህ የሚዋሽ ሰው በሩን ለመንካት አይደፍርም። ሁሉም ጥሩ ፍርድ ነው አለ። እኔም አልኩ። ስንመለስ ባጃጁ ውስጥ፣ አይዞዎት፣ አይደፍርም አልኳቸው። እትዬ አንጓች ፊቴን አዩኝና ወረዱ።

የኅዳር ሚካኤል ቅዳሴ ሲያልቅ ሰዉ ወደ ቤቱ አልሄደም። ወንዶቹ በአንድ ወገን፣ ሴቶቹ በሌላ ወገን ቆሙ። እትዬ አንጓች እንደ ልማዳቸው ከግንቡ ውጭ፣ ከሁሉም ራቅ ብለው ቆመዋል። ምኒችል ጫማውን አውልቆ፣ ነጠላውን አደግድጎ መጣ። ፊቱ ጠቁሮ ነበር። ቄስ አዱኛ መስቀላቸውን ይዘው የሚለውን ነገሩት። በሩን ይዞ ሦስት ጊዜ፣ መሬቱ ያባቴ ካልሆነ ሚካኤል በዓመቱ ቤቴን ይዝጋው ማለት ነበረበት። ምኒችል እጁን ዘርግቶ የበሩን እንጨት ያዘ።  ሊል ነው፣ በሐሰት ሊል ነው አልኩ በሆዴ።

«ይቆይልኝ» አሉ እትዬ አንጓች ከኋላ።

ቄስ አዱኛ ዘወር አሉ። «ምነው አንጓች? ልትለቂለት ነው?»

«መሬቱን አልለቅም አባ። መሐላውን ግን እንዲህ አልቀበልም። ዋስ ይጠራልኝ።»

«የምን ዋስ? የሚምለው እሱ ነው፣ ዳኛው ሚካኤል ነው።»

«ሚካኤልን አላማሁም። እኔ የምፈራ እናንተን ነው።»

ሰዉ አጉረመረመ። እሳቸው አንገታቸውን እንዳዘነበሉ፣ ድምፃቸውን ሳያነሱ ቀጠሉ።

«ምኒችል ቢምልና ነገ ልጁ ቢታመም፣ በሬው ቢሞት፣ እሱም አንድ ነገር ቢሆን፣ ሚካኤል ፈረደበት አትሉም። አንጓች በላችው ነው የምትሉ። ቡዳዋ ናት ትላላችሁ። ሌላው ሰው አስምሎ ቤቱ ገብቶ ይተኛል። እኔ ባስምል፣ ቢዋሽ መሬቴን ይወስዳል፣ ቢቀጣ ደግሞ ገዳዩ እኔ ነኝ። እንግዲህ ከመካከላችሁ አንድ ሰው ይውጣና ዋስ ይሁነኝ። ምኒችል አንድ ነገር ቢሆን በእኔ ማንም አፉን እንዳይከፍት። አንድ ሰው ይበቃኛል።»

ቡዳ የሚለውን ቃል በፊታቸው ያወጣ ሰው እስከዚያ ቀን አልነበረም። ሁሉም ከኋላቸው ይለዋል፤ ራሳቸው በቤተ ክርስቲያን ደጅ፣ በበዓል ቀን፣ አገሩ ሁሉ በተሰበሰበበት ሲሉት መሬት የሚውጠው ያጣ ብዙ ሰው ነበር። ማንም አላስተባበለም። ያሉት ልክ መሆኑን ሁሉም ያውቃል። ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ለሁሉም ሰው የሚሠራ ፍርድ ፈርደው፣ ለእሳቸው ግን እንደማይሠራ ያኔ ገና ነው ያዩት።

እኔ አላስችል አለኝና «እኔ ዋስ እሆናለሁ» ብዬ ወደ ፊት ወጣሁ። እትዬ አንጓች ዞር ብለው አዩኝ።

«አንተ ተመለስ። ባጃጅ ዋስ አይሆንም» አሉኝ።

አንዳንዱ ሳቁን ዋጠ። ቄስ አዱኛ በደግነት አስረዱኝ፤ ዋስ የአገሩ ሰው፣ ነገ ከነገ ወዲያ እዚሁ የሚገኝ መሆን አለበት። ወደ ኋላ ተመለስኩ። ሌላ ሰው አልወጣም። ልጁን ሲድር ጠላውን በእሳቸው ጋን የጠመቀ ሰው እዚያ ቆሟል። ቤቱ ውስጥ ያለው ሸክላ ሁሉ የእሳቸው የሆነ ሰው እዚያ ቆሟል። ሁሉም እግሩን ያያል። አንድ ሰው ብቻ ነበር የጠየቁት። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ሰው የጠላሁበት ጊዜ የለም።

ከሴቶቹ ወገን አንዲት ሴት ወጣች። የምኒችል ሚስት ትዋብ ናት። ሰዉ ባሏን ልትከላከል የመጣች መሰለው።

«እኔ ዋስ ነኝ» አለች።

ቄስ አዱኛ ግራ ገባቸው። «ትዋብ፣ የሚምለው እኮ ባልሽ ነው።»

«አውቃለሁ አባ። ባሌም ቢሆን፣ ልጆቼም ቢሆኑ አንድ ነገር ቢያገኛቸው፣ አንጓች ናት የሚል ሰው መጀመሪያ እኔን ይጠይቀኝ። ከምን እንደመጣ እኔ ስለማውቅ እነግረዋለሁ።»

ይህን ብላ ነጠላዋን ወደ ትከሻዋ መለሰችና እዚያው ቆመች። በባሏ ላይ አልመሰከረችም። መሬቱ የማን እንደሆነ አንድ ቃል አልተነፈሰችም። ልጆቿን፣ የራሷን ቤት ነው ለመያዣ ያቀረበችው። ከብዙ ጊዜ በኋላ እንደነገረችኝ፣ በሙሽርነቷ ወደዚያ አገር ስትመጣ መጀመሪያ ያየችው ሰው እዚያ ጉድጓድ ውስጥ ሆነው አፈር ሲያወጡ የነበሩት የእትዬ አንጓች እናት ናቸው።

ምኒችል በሩን እንደያዘ ሚስቱን አያት። ረጅም ጊዜ አያት። ከዚያ እጁን ከእንጨቱ ላይ አነሳና መዳፉን በነጠላው ጠረገ።

«ቀጠሮ ይሰጠኝ» አለ።

ሽማግሌዎቹ እፎይ ብለው ለመጪው ኅዳር ሚካኤል ቀጠሩት። እስከዚያው መሬቷ እንደ ጥንቷ ትሁን፣ ሴቶቹም ይቆፍሩ ተባለ።

ስንመለስ ደስ ብሏቸው የሚዘፍኑ መስሎኝ ነበር። ባጃጁ ውስጥ ግን ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «አንድ ሰው ተገኘ» አሉ። ትንሽ ሄደን ደግሞ፣ «አንድ ሰው ተገኘ እኮ» አሉ። ከዚያ ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ሳቡት፤ የተሳፈረ ሕፃን አልነበረም።

ከዚያ ወዲያ የምኒችልን ልጆች ጤና እንደ እትዬ አንጓች የተከታተለ ሰው የለም። ከወረታ ስመጣ መጀመሪያ የሚጠይቁኝ ስለ ገበያ አልነበረም፤ የምኒችል ልጆች ደህና ናቸው ወይ ነው። የመጀመሪያ ልጁ ጌትነት ወባ ይዞት የወደቀ ጊዜ እትዬ አንጓች ከቤት አልወጡም። እህል አልቀመሱም። ስንዱ በሩን ከውስጥ ዘግታ ተቀምጣ ነበር፤ ቡዳ የበላውን ሰው ከተፋበት ይለቀዋል ስለሚባል፣ ሰዉ ሰብሰብ ብሎ መጥቶ ያንን ልጅ ትፊበት እንዳይላቸው ፈርታለች። በሩ ተንኳኳ። የመጣችው ትዋብ ነበረች። ደጃፉ ላይ ቆማ፣ መንደሩ ሁሉ እንዲሰማት ድምፅዋን ከፍ አድርጋ፣ «ከሐኪም ቤት መምጣቴ ነው። ወባ ነው ያሉኝ፣ መድኃኒት ሰጥተውኛል» አለች። ከዚያም ወደ ልጇ ተመለሰች። ልጁ ዳነ። እትዬ አንጓች ያን ዕለት ትልቅ ጋን መሥራት ጀመሩ።

በመጪው ኅዳር ሚካኤል ምኒችል ለመሐላ አልቀረበም። ቀጠሮው ለከርሞ ተላለፈ። ለከርሞም አልቀረበም። እንዲህ እንዲህ እያለ ዓመታት ሄዱ። እትዬ አንጓች ግን አንድም ቀጠሮ አላሳለፉም። በየኅዳሩ እኔ አደርሳቸዋለሁ፤ ከግንቡ ውጭ ቁጭ ብለው ሰዉ እስኪበተን ይጠብቃሉ። ምኒችል ብዙውን ጊዜ በሌላው በር ይወጣል። አንድ ዓመት ግን ፊት ለፊት ተገናኙ። እኔ ደነገጥኩ። ምኒችል ቆመና፣ «ዘንድሮ አልተመቸኝም» አላቸው። እሳቸውም፣ «ምንም አይዶል። ለከርሞ ያድርሰን» አሉት። ሁለቱም ራሳቸውን ዝቅ አድርገው ተላለፉ። ባጃጁ ውስጥ ሆዴን ይዤ ሳቅሁ። እሳቸው ተቆጡኝ፤ በመሐላ አይሳቅም አሉኝ።

እንግዲህ በዚህ መሐል ነው ያረፉት። ጥቂት ቀን ታመው፣ ግንቦት ላይ።

ለቀብራቸው ሰው አነሰ ብዬ አልዋሽም፤ ብዙ ሰው መጣ። ትዋብ ከስንዱ ጎን ተቀምጣ ነበር። እኔም እንደ ልጅ ነው ያለቀስኩት። ሰልስቱ ባለፈ ማግስት ግን ዳሱ ሳይፈርስ የትራክተር ድምፅ ሰማን። ስንዱ ከሁላችንም ቀድማ ተነሳች። ሴቶቹ ተከተሏት፣ እኔም ሮጥኩ። ቦታዋ ላይ ስንደርስ የተከራየ ትራክተር ዳሯ ላይ ቆሟል። አጠገቡ ጌትነት አለ፤ ያ በወባ የወደቀው ልጅ ዛሬ ጎልማሳ ሆኗል። ስንዱ ጉድጓዱ አፍ ላይ ሄዳ ቆመች። ጌትነትም ተቸግሮ፣ ዞር በይልኝ እህቴ፣ እኔ ካንቺ ጋር ጠብ የለኝም ይላት ጀመር።

ምኒችል በምርኩዝ እየተደገፈ ከኋላችን ደረሰ። በጣም አርጅቷል። ማንንም ሳያናግር አልፎን ሄደና ከትራክተሩ ፊት ቆመ።

«አጥፋው» አለ ልጁን።

«አባ፣ ሴትዮዋ ሞታለች እኮ። ክሱም አብሯት ሞተ።»

«ከሳሽ ናት የሞተች። ተከሳሹ እኔ ነኝ፤ እኔ አልሞትኩም። በዚህ መሬት ላይ ቀጠሮ አለብኝ።»

«እስከ መቼ ነው ቀጠሮው?»

«እስክምል ድረስ» አለ ምኒችል።

ጌትነት አባቱን አየ፣ እኛን አየ፣ ከዚያ ለሹፌሩ በእጁ ምልክት ሰጠው። ሞተሩ ጠፋ። ምኒችል ምርኩዙን መሬት ላይ አኑሮ፣ ጉልበቱን ይዞ፣ ሣሩ ላይ ቀስ ብሎ ተቀመጠ። ስንዱም ከጉድጓዱ አፍ ፈቀቅ አለችና አጠገቡ ሄዳ ተቀመጠች።